«ደንበኞቼ በረሮም ርጪልን ይሉኛል»፦ ቨርጂኒያ ውስጥ የፀረ-ተባይ ርጭት ፈቃድ ከየት ይጀመራል?

ጥያቄው ባጭሩ ይህ ነው። አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ የምትኖር እህት የቤትና የቢሮ ጽዳት ትሠራለች። ደንበኞቿ «በረሮውንና ትኋኑንም አብረሽ ብትረጪልን እንከፍልሻለን» ይሏታል። አገር ቤት በእፅዋት ሳይንስ ዲፕሎማ ነበራት፤ የግብርና ልማት ሠራተኛ ሆናም ሠርታለች። የጠየቀችው ሦስት ነገር ነው፦ መድኃኒቱን ከሱቅ ገዝቼ ብረጭ ችግር አለው ወይ? ላይሰንሱን እንዴት ላውጣ? ዲፕሎማዬስ እዚህ ይጠቅመኛል ወይ? እንግሊዝኛዋ መካከለኛ መሆኑንም ጽፋለች።

ሰላም እህቴ፣

መጀመሪያ የሚያስቸኩለውን ልመልስ። አሁን አትርጪ። ቨርጂኒያ ውስጥ ገንዘብ ተቀብሎ በሌላ ሰው ቤት ማንኛውንም ፀረ-ተባይ መጠቀም ፈቃድ ይጠይቃል። ማንኛውንም ስል ከሆም ዲፖ መደርደሪያ ላይ ማንም የሚያነሳውን ጣሳም ጨምሬ ነው። ለብዙ ሰው ላይሰንስ የሚያስፈልገው ለጠንካራው መድኃኒት ብቻ ይመስለዋል። የፌዴራሉ ሕግ ፈቃድ የሚጠይቀው በእርግጥም አጠቃቀማቸው ለተገደበ መድኃኒቶች ነው። ቨርጂኒያ ግን ከዚያ አልፋ ለክፍያ የሚረጭን ሰው በሙሉ ትጠይቃለች። የራስሽን ኩሽና በዚያው ጣሳ ብትረጪ፣ የተጻፈበትን እስከተከተልሽ ድረስ፣ የሚጠይቅሽ የለም። ያንኑ ጣሳ ይዘሽ ደንበኛሽ ቤት ገብተሽ ሂሳብ ስትቀበዪ ግን ሥራው ሌላ ሥራ ይሆናል። በረሮ እንዲበላው የሚቀመጠውን መርዛማ ጄል ጠብ ጠብ ማድረግም ያው ነው፤ ጄሉም ፀረ-ተባይ ነው።

የጽዳት ሥራሽን በተመለከተ አትደንግጪ። ጀርም የሚገድሉ ማጽጃዎችም በአሜሪካ ሕግ ከፀረ-ተባይ ይቆጠራሉ፤ ለዚህም ነው ጠርሙሱ ላይ የኢፒኤ፣ ማለትም የፌዴራሉ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት፣ የምዝገባ ቁጥር የምታዪው። ነገር ግን የቨርጂኒያ ሕግ ተራ ማጽጃና ጀርም ገዳይ ብቻ የሚጠቀሙ የጽዳት ሠራተኞችን ከዚህ ፈቃድ ነፃ አድርጓል። ስለዚህ መታጠቢያ ቤቱን በዲስኢንፌክታንት መወልወልሽ ችግር የለውም። ነፃ የተደረገው ግን እሱ ብቻ ነው። ከዚያ አልፈሽ በረሮ ገዳይ ባነሳሽበት ሰዓት ነፃነቱ ያበቃል።

ፈቃዱ እስኪወጣ ድረስ ደግሞ ለደንበኞችሽ ልትሠሪላቸው የምትችዪው ብዙ አለ። የጀርመን በረሮ የምንላት ያቺ ትንሿ ቡናማ የኩሽና በረሮ የምትኖረው ከምድጃው ጀርባ ባለው ቅባትና ከሲንኩ ሥር በሚያንጠባጥበው ውኃ ነው። ምድጃና ፍሪጅ ስቦ ጀርባውን ከቅባት ማጽዳት፣ በረሮዎቹንና የእንቁላል ከረጢታቸውን በቫኪዩም መሳብ፣ የቧንቧ ቀዳዳዎችን መድፈን፣ እህልና በርበሬውን ክዳን ባለው ዕቃ ማስገባት። ትኋን ከሆነ አንሶላና ልብሱን በከፍተኛ ሙቀት ማድረቂያ ውስጥ ማቆየት። እነዚህ ፈቃድ አይጠይቁም፤ በደንብ ከተሠሩ ለችግሩ ግማሽ መፍትሔ ናቸው። አስከፍዪባቸው።

አሁን ፈቃዱ ለምን እንዳለ ልንገርሽ፣ ምክንያቱም ይህን የማያውቅ ሰው ፈተናውን እንደ ቢሮክራሲ ብቻ ነው የሚያየው። እ.ኤ.አ. በ1996 ሚሲሲፒ ውስጥ፣ ባሕሩ ዳር ባሉ ከተሞች፣ ተገቢው ፈቃድ የሌላቸው ሰዎች ሜቲል ፓራቲዮን የሚባል የጥጥ እርሻ መድኃኒት በየቤቱ ሲረጩ መኖራቸው ተደረሰበት። ሰው ወዶት ነበር። ርካሽ ነው፣ በረሮውም ያልቃል። መድኃኒቱ ሜዳ ላይ ሲረጭ ፀሐይና ዝናብ በቀናት ውስጥ ያፈራርሱታል። ቤት ውስጥ ግን ፀሐይም ዝናብም የለም፤ ግድግዳው ውስጥ ለወራት፣ ከዚያም በላይ ይቆያል። ቤተሰቦች ከነልጆቻቸው ከቤታቸው ወጡ፤ ግድግዳና ወለል ተቀዶ ተጣለ። የፌዴራል መንግሥት ለጽዳቱ በብዙ ሚሊዮን የሚቆጠር ዶላር አወጣ። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ኦሃዮ ውስጥም ይኸው ሆኖ ነበር።

ሌላም አለ፤ ይህኛው አንቺ ከምታውቂው ነገር ጋር ይገናኛል። አገር ቤት ለእህል ጎተራ የሚገባውን ያን ክኒን ታውቂዋለሽ፤ አሉሚኒየም ፎስፋይድ። እርጥበት ሲያገኘው ፎስፊን የሚባል ገዳይ ጋዝ ይለቃል። እ.ኤ.አ. በ2010 ዩታ ውስጥ አንድ የፔስት ኮንትሮል ሠራተኛ አይጥ መሰል እንስሳት የቆፈሩት ጉድጓድ ውስጥ ይህን መድኃኒት ከቤቱ በጣም አስጠግቶ ጨመረ። ጋዙ ወደ ቤት ገባ። ሁለት ሕፃናት እህትማማቾች ሞቱ። በዚያው ዓመት ኢፒኤ መድኃኒቱ በመኖሪያ ቤት አካባቢ እንዳይሠራበት አገደ። በ2017 ደግሞ አማሪሎ፣ ቴክሳስ፣ ፈቃድ የሌለው አባት በሰው በኩል ያገኘውን ይህንኑ መድኃኒት ቤቱ ሥር ካደረገው በኋላ ሽታው ሲያስቸግር ውኃ አፈሰሰበት። ውኃው ጋዙን አባዛው፤ አራት ልጆቹ ሞቱ። ውኃ እንዳይነካው ዕቃው ላይ ተጽፏል። ያ ጽሑፍ ነው እንግዲህ ጠቅላላ ነገሩ። ፈተናው የሚፈትነው እሱን ማንበብ መቻልሽን ነው።

ወደ መንገዱ ልግባ። ቨርጂኒያ ውስጥ ይህን የሚመራው የስቴቱ የግብርናና የሸማቾች አገልግሎት መሥሪያ ቤት ነው፤ በሥራው ላይ ያለን ሰዎች ቪዳክስ ነው የምንለው። ሁለት ደረጃ አለ። የመጀመሪያው የተመዘገበ ቴክኒሻን ነው። ሁለተኛው ኮሜርሻል አፕሊኬተር ነው፤ ሙሉ ሰርተፊኬት ያለውና ቴክኒሻኖችን የሚቆጣጠረው ሰው ማለት ነው፤ ሰርተፋይድ አፕሊኬተር የምለውም እሱን ነው። አንቺ የምትጀምሪው ከመጀመሪያው ነው፤ ዲፕሎማሽ ቢረዳሽም እንኳ እኔ ከዚያ ጀምሪ እላለሁ፤ ምክንያቱን እመለስበታለሁ።

ቴክኒሻን ለመሆን ፈቃድ ያለው ድርጅት ይቀጥርሻል። እዚያ በሰርተፋይድ አፕሊኬተር ሥር 40 ሰዓት ሥልጠና ትወስጃለሽ፤ ከፊሉ በክፍል ውስጥ፣ ከፊሉ በሥራ ላይ አብሮሽ ካለ ሰው ጋር። ዕድሜሽ ከ18 በታች መሆን የለበትም። ማመልከቻው ለቪዳክስ ይገባል፣ የፈተና ፈቃድ ደብዳቤ ይላክልሻል፣ ፈተናውን ደግሞ የምትወስጂው መንጃ ፈቃድ የሚሰጠው ቢሮ ሄደሽ ነው። አዎ፣ እዚያው መንጃ ፈቃድ ያወጣሽበት። ደብዳቤውንና ፎቶ ያለበት የመንግሥት መታወቂያ ይዘሽ ትሄጃለሽ። ፈተናው ከተሰጡት መልሶች ትክክለኛው የሚመረጥበት ነው፤ ማለፊያው 70 ከመቶ ነው። መጽሐፍ ማየት አይፈቀድም። ካለፍሽ በኋላ አጠቃላይ የሚባሉትን፣ ማለትም አጠቃቀማቸው ያልተገደበ መድኃኒቶችን፣ ብቻሽን ሄደሽ መሥራት ትችያለሽ። አጠቃቀማቸው የተገደበውን ግን በአፕሊኬተሩ ቁጥጥር ሥር ካልሆነ አትነኪም።

ለአፕሊኬተርነት አንድ ዓመት የቴክኒሻን ልምድ ወይም ከዚያ ጋር የሚመጣጠን ትምህርትና ልምድ ይጠየቃል። ፈተናው ሁለት ዓይነት ነው። ሁሉም የሚወስደው አጠቃላይ ፈተና አለ፤ ከዚያ ደግሞ ልትሠሪበት የምትፈልጊው ምድብ አለ። ለቤት ውስጥ በረሮ፣ ትኋን፣ ጉንዳን፣ አይጥ ምድቡ 7ኤ ነው። ምስጥና እንጨት የሚበላ ነገር 7ቢ ነው። በጋዝ ማጠን 7ሲ ነው። ሣርና ጌጠኛ ተክል ከፈለግሽ በ3 ቁጥር ሥር ነው። መጀመሪያ 7ኤን ብቻ ያዢ። አራት ምድብ ባንድ ጊዜ አመልክተው አንዱንም በደንብ ሳያነቡ የሚቀሩ ሰዎች አይቻለሁ፤ ያሳዝናል፣ ምክንያቱም ችሎታው አላቸው።

ሰርተፊኬቱ ለሁለት ዓመት ነው የሚሠራው፤ የሚያበቃውም ሰኔ 30 በፈረንጅ አቆጣጠር ነው። ለማደስ የተፈቀደ የማደሻ ትምህርት መውሰድ አለብሽ፣ ለያዝሽው ምድብ በሙሉ። ይህን ሳያደርጉ ቀኑ ያለፈባቸው ሰዎች እንደገና ፈተና ይቀመጣሉ። ስልክሽ ላይ አስታዋሽ አድርጊበት።

አሁን ስለ ፈተናው በዝርዝር እንነጋገር፤ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነውና። የማጥኛ መጽሐፎቹን የሚያዘጋጀው ቨርጂኒያ ቴክ ዩኒቨርሲቲ ነው። አጠቃላዩን መጽሐፍ ግዢና ስለ ሌብል ከሚናገረው ምዕራፍ ጀምሪ። ሌብል የምንለው መድኃኒቱ ላይ የተለጠፈው ጽሑፍ ነው፤ ተያይዞ የሚመጣውንም ቡክሌት ይጨምራል። አሜሪካ ውስጥ ይህ ጽሑፍ ሕግ ነው። እያንዳንዱ ላይ «ከዚህ ጽሑፍ ውጪ መጠቀም የፌዴራል ሕግ መጣስ ነው» የሚል ዓረፍተ ነገር አለ፤ መሠረቱም እ.ኤ.አ. በ1947 የወጣው የፀረ-ተባይ ሕግ ነው። «ለሣር» ተብሎ የተጻፈውን ኩሽና መርጨት፣ በጋሎን ግማሽ አውንስ የተባለውን አንድ አውንስ ማድረግ፣ ጓንት የተባለውን በባዶ እጅ መያዝ፣ ሦስቱም ጥሰት ናቸው። ተባዩ ቢሞትም ባይሞትም።

ሌብሉ ላይ ሦስት የማስጠንቀቂያ ቃላት ታገኛለሽ። ዴንጀር ከባዱ ነው። ዋርኒንግ መካከለኛ ነው። ኮሽን ዝቅተኛው ነው። ዴንጀር ከሚለው ጋር ፖይዝን የሚል ቃልና የራስ ቅል ሥዕል ካለ ጥቂቱ ሰው ይገድላል ማለት ነው። ይህ ጥያቄ በፈተና ላይ መምጣቱ አይቀርም። ከዚያ የመርጫ ቦታው፣ የመከላከያ ልብሱ፣ የመጀመሪያ እርዳታው፣ አወጋገዱ እያንዳንዱ ሌብሉ ላይ የት እንደሚገኝ እወቂ። ኤልዲ50 የሚለውም ይመጣል፤ ከሙከራ እንስሳቱ ግማሹን የሚገድለው መጠን ማለት ነው፤ ቁጥሩ ባነሰ መጠን መርዙ እየበረታ እንደሚሄድ ያዢ። ብዙ ሰው ይገለብጠዋል።

ሂሳቡ አያስፈራሽ። አንድ ጋሎን 128 አውንስ ነው፤ ይህን በቃልሽ ያዢ። የሚመጣው ጥያቄ እንዲህ ያለ ነው። ቤቱ 50 ጫማ በ30 ጫማ ነው። ዙሪያውን 5 ጫማ ስፋት ባለው መሬት ላይ ትረጫለሽ። ሌብሉ ለ1000 ስኩዌር ጫማ አንድ ጋሎን ድብልቅ፣ በአንድ ጋሎን ደግሞ ግማሽ አውንስ መድኃኒት ይላል። ስንት መድኃኒት ያስፈልግሻል? የቤቱ ዙሪያ 50 ሲደመር 30፣ ሲባዛ በ2፣ 160 ጫማ ነው። በ5 ሲባዛ 800 ስኩዌር ጫማ። ስለዚህ ድብልቁ 0.8 ጋሎን ነው፤ መድኃኒቱም 0.4 አውንስ። አለቀ። ማዕዘኖቹን ለጊዜው ተዪያቸው። እንዲህ ያለውን በየቀኑ ጥቂት ጥቂት ሥሪ። አንቺ በሄክታርና በሊትር ስትሠሪ የነበርሽ ሰው ነሽ፤ የሚያደናግርሽ ጫማና አውንሱ ብቻ ይሆናል።

ልብ በዪ፣ ሁለት ጋሎን ብትበጠብጪ የቀረውን ሲንክ ውስጥ መድፋት አትችዪም። ይህም ጥያቄ ሆኖ ይመጣል። መልሱ የሚያስፈልገውን ያህል ብቻ በጥብጪ የሚል ነው፤ የተረፈው ሌብሉ በፈቀደው ቦታ ላይ ይረጫል። ባዶውን ዕቃ ሦስት ጊዜ ማለቅለቅ፣ ያለቀለቅሽበትንም ውኃ መርጫው ውስጥ መጨመር። አገር ቤት ባዶው የመድኃኒት ጀሪካን ታጥቦ ለውኃና ለዘይት ሲውል አይተሻል፤ በዚያ የተጎዳ ቤተሰብም ሳታውቂ አትቀሪም። ይህን ምዕራፍ ከሌላው ሰው በበለጠ ትረጂዋለሽ።

እንግሊዝኛውን በተመለከተ። ፈተናው በእንግሊዝኛ ነው። ግን ቋንቋው ሰፊ አይደለም። የሚደጋገሙት ቃላት የታወቁ ናቸው፤ እነሱን ካወቅሽ ዓረፍተ ነገሮቹ አጫጭር ናቸው። እኔ የማስተምራቸውን ሰዎች የማደርጋቸው ይህን ነው፦ ቤት ውስጥ ያለ የበረሮ ጣሳ፣ የሣር መድኃኒት፣ ያገኙትን ሁሉ ሰብስበው ጀርባውን ጮክ ብለው ያነባሉ። የማያውቁትን ቃል ደብተር ላይ ይጽፋሉ። መጽሐፉን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ከመተርጎም ይህ በጣም ይሻላል፤ መጽሐፉን ለመተርጎም የሚነሱት አብዛኞቹ ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ይደክማቸዋል። በ2022 መጨረሻ በወጣ ሕግ የሌብሎቹ የደህንነት ክፍል በስፓኒሽም እንዲጻፍ ተወስኗል፤ በሂደት እየገባ ነው። በአማርኛ የለም። ስለዚህ በሥራ ላይ ጽሑፉን ራስሽ ማንበብ ግድ ነው፤ ደንበኛሽ «ለልጄ ችግር አለው?» ስትልሽ የምትመልሺው ከዚያ ላይ ነው።

ስለ ዲፕሎማሽ። ይጠቅማል። የእፅዋት ሳይንስ ትምህርትሽንና የልማት ሠራተኛነት ልምድሽን አስተርጉመሽና አስመዝነሽ ለቪዳክስ ማቅረብ ትችያለሽ፤ ለአፕሊኬተርነት በሚጠየቀው የአንድ ዓመት ልምድ ላይ ሊታይልሽ ይችላል። ግን ቀደም ብዬ ከቴክኒሻን ጀምሪ ያልኩሽ በዚህ ነው። የተባይ መድኃኒቱን ማላታይን፣ የአረም መድኃኒቱን ቱ ፎር ዲ፣ የጀርባ መርጫ፣ የአረም ጊዜ፣ እነዚህን ታውቂያቸዋለሽ። የሰው ቤት ግን ማሳ አይደለም። ማሳ ላይ ዋናው ጥያቄ ምን ያህል ትረጪያለሽ ነው። ቤት ውስጥ ዋናው ጥያቄ የት አትረጪም ነው። የዓሣ ገንዳው አለ፣ ጡት የምትጠባ ሕፃን የምትድህበት ምንጣፍ አለ፣ አስም ያለበት አያት አለ፣ የግድግዳው ሌላ ወገን የጎረቤት አፓርታማ ነው።

አንድ ምሳሌ ልስጥሽ። የጀርመን በረሮ ያለበት አፓርታማ ውስጥ ሽታው የሚያባርር ስፕሬይ በየጥጉ ብትረጪ በረሮዎቹ ወደ ግድግዳው ውስጥና ወደ ጎረቤት ይሸሻሉ። ከብዙ ዓመት ርጭት የተነሳ ብዙዎቹ ተለማምደውታል፤ አይሞቱም። ሥራውን የሚሠራው ጄል ነው፤ በጥቃቅን ነጥብ፣ መደበቂያቸው አጠገብ፣ በየጊዜውም ዓይነቱ እየተቀየረ። ጄሉ ላይ ወይም አጠገቡ ስፕሬይ ከነፋሽበት ደግሞ አይበሉትም፤ ሁለቱም ገንዘብ ባከነ። ትኋን ላይም እንዲሁ ነው። ቦምብ የሚሉት በራሱ የሚነፋው ጣሳ ስንጥቅ ውስጥ አይገባም፤ ትኋኑ ያለው ደግሞ ስንጥቅ ውስጥ ነው። ከጋዝ ምድጃ ጋር ሲገናኝ የፈነዳበትም ጊዜ አለ። ጥሩ ቴክኒሻን ሰዓቱን የሚያጠፋው ባትሪ ይዞ ተንበርክኮ በመፈለግ ነው። ይህን ከመጽሐፍ አታገኚውም። አብሮሽ የሚሄድ ጎበዝ ሰው ያስፈልጋል።

ስለዚህ የምትቀጠሪበትን ድርጅት ምረጪ። ቃለ መጠይቁ ላይ አንቺም ጠይቂ። 40 ሰዓቱን ማን ነው የሚያሠለጥነኝ? ስንት ጊዜ አብሮኝ ይወጣል? ጓንትና መተንፈሻ ጭምብል ማን ይገዛል? የፈተናውን ክፍያ ማን ይከፍላል? ብወጣ ደንበኛ እንዳልወስድ የሚከለክል ውል አለ? መጨረሻው በተለይ ለአንቺ ያስፈልጋል፤ የራስሽ የጽዳት ደንበኞች አሉሽ። እነሱ ነገ የድርጅቱ ንብረት ተብለው እንዳይቆጠሩ ከመፈረምሽ በፊት በጽሑፍ አስቀምጪ። በአንድ ሳምንት ውስጥ መኪና ሰጥቶ «ሂጂ ርጪ» የሚልሽ ድርጅት ካጋጠመሽ ተመለሺ። እንደዚህ ዓይነት ቦታ ያለፉ ልጆች አሠልጥኛለሁ፤ መጥፎ ልማዱን ማስለቀቅ ከአዲስ ማስተማር ይከብዳል። የመንጃ ፈቃድሽ ንጹሕ መሆኑንም ያያሉ፣ ሥራው የመኪና ነውና።

ለራስሽ ጤና አትስነፊ። ረጅም እጅጌ፣ የኬሚካል ጓንት፣ ዝግ ጫማ። የጨርቅ ጓንት መድኃኒቱን መጥጦ ቆዳሽ ላይ ስለሚያቆየው ከባዶ እጅ ሊብስ ይችላል። የሥራ ልብስሽን ከልጆቹ ልብስ ጋር አትጠቢው። መተንፈሻ ጭምብል የሚጠይቅ መድኃኒት ከሆነ አሠሪሽ የሐኪም ግምገማና የልክ ፍተሻ የማድረግ ግዴታ አለበት፤ ጠይቂ፣ መብትሽ ነው። ለወንዶቹ አንባቢዎች፣ ፂም ካለ ጭምብሉ አይገጥምም። ለማንኛውም የመርዝ አደጋ በመላው አሜሪካ በ1-800-222-1222 መደወል ይቻላል፤ አስተርጓሚም አላቸው። ስልክሽ ላይ መዝግቢው።

ሰዎቻችን ዘንድ ስላለ አንድ ነገር መናገር አለብኝ። ከአገር ቤት በሻንጣ የሚመጣ፣ ወይም ከትናንሽ ሱቆች የሚሸጥ መድኃኒት አለ። ነጭ ጠመኔ የሚመስለው የበረሮ መድኃኒት። ስናይፐር የሚባለው ዲክሎርቮስ ያለበት ትንሽ ጠርሙስ። ሦስቱ እርምጃ እየተባለ በስፓኒሽ ስም የሚሸጠው የአይጥ መርዝ። እነዚህ እዚህ አገር ሕገ ወጥ ናቸው፤ ጠመኔውን ልጆች ጠመኔ መስሏቸው ይይዙታል። ማንኛውንም መድኃኒት ከመግዛትሽ በፊት የኢፒኤ ምዝገባ ቁጥር ፈልጊ። ቁጥሩ ከሌለው አትንኪው። ደንበኛሽ «ይህን ከአገር ቤት አምጥቻለሁ፣ ፍሊት በዪበት» ቢልሽም እምቢ በዪ። ኢትዮጵያም ውስጥ የፀረ-ተባይ ምዝገባና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 674/2002 ያልተመዘገበ መድኃኒት እንዳይሸጥ ይከለክላል፤ ይህ የፈረንጅ ነገር ብቻ አይደለም በዪያቸው።

ሬስቶራንት ያላቸው ወዳጆችሽም ይህን ያንብቡ። ቨርጂኒያ ውስጥ ክፍት ምግብ በሚቀመጥበት፣ በሚዘጋጅበትና በሚሸጥበት ቦታ ሠራተኛው ራሱ ቢረጭ እንኳ ሰርተፊኬት ያስፈልገዋል። የራሴ ኩሽና ነው፣ የራሴ ጣሳ ነው ማለት አይሠራም። ለአንቺ ግን ይህ የሥራ ዕድል ነው። ምግቡን፣ ቅመሙን፣ የጤፉንና የበርበሬውን መጋዘን የምታውቅ፣ በአማርኛ የምታስረዳ ሰርተፋይድ ሰው በዚህ አካባቢ ይፈለጋል። የነቀዝ ነገር ከአንቺ በላይ የሚያውቀው ማን አለ?

ወንዙን ተሻግረሽ ሜሪላንድ ወይም ዲሲ የምትሠሪ ከሆነ የቨርጂኒያው ወረቀት ብቻውን አይበቃም። ሜሪላንድ በራሷ የግብርና መሥሪያ ቤት፣ ዲሲም በራሷ የአካባቢ ጥበቃ ቢሮ በኩል ነው የሚሰጡት። ድርጅትሽ ሦስቱም ቦታ የሚሠራ ከሆነ የትኛው ካርድ እንደወጣልሽ ጠይቂ፤ የሜሪላንዱ ሳይወጣልሽ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ፣ ሂጂ ቢሉሽ አትሂጂ። ቢያዝ ስሙ የሚጻፈው ያንቺም ነው።

የራስሽን ድርጅት መክፈት መጨረሻ ላይ ይመጣል። የግል ሰርተፊኬትሽና የድርጅት ፈቃድ የተለያዩ ናቸው። ለድርጅቱ በየቢሮው ሰርተፋይድ አፕሊኬተር መኖር አለበት፤ ኢንሹራንስም ይጠየቃል፤ የረጨሽውን ቦታ፣ ቀን፣ መድኃኒትና መጠን መዝግበሽ ለሁለት ዓመት ማስቀመጥም ግዴታ ነው። የጽዳት ኢንሹራንስሽ ይህን ይሸፍናል ብለሽ አትገምቺ፤ ብዙውን ጊዜ ፀረ-ተባይን በስም ለይቶ ያወጣል። ውሉን አውጥተሽ እዪው።

በዚህ ሳምንት ሁለት ነገር አድርጊ። የዲፕሎማሽንና የሥራ ልምድ ደብዳቤሽን ቅጂ ከአገር ቤት እንዲልኩልሽ ጠይቂ፤ ያ ነው ብዙ ጊዜ የሚፈጀው። ደብዳቤው ላይ በፀረ-ተባይ መድኃኒት ርጭትና ገበሬን በማሠልጠን የሠራሽበት ጊዜ ከእስከ ተብሎ እንዲጻፍ አድርጊ፤ «የልማት ሠራተኛ ነበረች» ብቻ ከተባለ እዚህ የሚያነበው ሰው ምን እንደሆነ አያውቅም። ከዚያ አጠቃላዩን መጽሐፍ እዘዢ። የሌብሉን ምዕራፍ ስትጨርሺ ያልገባሽን እዚሁ ጻፊልኝ፣ ከነሂሳቡ።